ፍሬድ ሪሰርና የማዲሰኑ ወንበር

በአሜሪካ የግዛት ምክር ቤቶች ውስጥ የፍሬድ ሪሰርን ያህል ወንበር ላይ የቆየ ሰው ማግኘት ይከብዳል። ሪሰር በ1927 እ.ኤ.አ. በዊስኮንሰን ዋና ከተማ በማዲሰን ተወለዱ። በ1956 ለግዛቱ የታችኛው ምክር ቤት ተመረጡ፤ በ1962 ወደ ሴኔቱ ተሻገሩ። የወጡት በ2021 መጀመሪያ ነው። ሲደመር 64 ዓመት።

ነገሩ የዘር ነው ማለት ይቻላል። አባታቸው፣ አያታቸውና ቅድመ አያታቸውም እዚያው ምክር ቤት ተቀምጠዋል። ፓርቲው ግን አልተወረሰም። አባትየው የፕሮግሬሲቭ ፓርቲ ሰው ነበሩ፤ ልጅ ዲሞክራት ሆኑ።

የሴኔት ምርጫ በየአራት ዓመቱ ይመጣል፣ ሪሰርም ያሸንፋሉ። አንዳንዴ በዝረራ፣ አንዳንዴ ጭራሽ የሪፐብሊካን ተፎካካሪ ሳይቀርብ። ይሄ ሁሉ በእሳቸው ጉብዝና ብቻ የመጣ አይመስለኝም። የሚወዳደሩበት 26ኛው የምርጫ ክልል ማለት ማዲሰን ነው፦ ትልቁ ዩኒቨርሲቲ፣ የመንግሥት መሥሪያ ቤቱ፣ ምክር ቤቱ ራሱ። መራጩ በብዛት ዲሞክራት ነው። እዚያ መወዳደር ለሪፐብሊካን ውሃ ቅዳ ውሃ መልስ ነው። ዊስኮንሰን ደግሞ የአገልግሎት ዘመን ገደብ የላትም፤ ገደብ ያላቸው 16 ግዛቶች ናቸው።

የማይረሳው የ2011ዱ ነው። ገዥው ስኮት ዎከር የመንግሥት ሠራተኞችን የኅብረት ድርድር መብት፣ ማለትም በማኅበር ሆነው ከአሠሪው ጋር የመደራደር መብት፣ የሚያጠብ ሕግ አቀረቡ። ከ33 የሴኔት መቀመጫ ሪፐብሊካኖች የያዙት 19 ነበር። ገንዘብ ነክ ሕግ ለማጽደቅ ግን 20 ሰው መገኘት አለበት። እናም 14ቱ ዲሞክራቶች ተነስተው ወደ ጎረቤቱ ግዛት ኢሊኖይ ሄዱ። የዊስኮንሰን ፖሊስ ድንበር ተሻግሮ ሊያመጣቸው አይችልም። የ83 ዓመቱ ሪሰርም ከነሱ ጋር ነበሩ! ሦስት ሳምንት ያህል ቆዩ። በመጨረሻ ሪፐብሊካኖቹ ገንዘብ ነክ የሆነውን ክፍል አውጥተው ሕጉን ያለ እነሱ አጸደቁት።

በ2020 ሪሰር ድጋሚ እንደማይወዳደሩ ሲያሳውቁ ዲሞክራቶች ለወንበሩ ተሻሙ። ፍልሚያው የተካሄደው በነሐሴው የፓርቲ ውስጥ ምርጫ ነው፤ አሸናፊዋ ኬልዳ ሮይስ ሆነች። በኅዳር የቀረባት ሪፐብሊካን አልነበረም።