ነዳጁ የቆመበት ዓመት፦ ደቡብ ሱዳን በ2012

ደቡብ ሱዳን ነፃ አገር የሆነችው ጁላይ 9 ቀን 2011 ነው (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው)። በዚያው ዓመት መጀመሪያ በተካሄደው ሕዝበ ውሳኔ 98.8 ከመቶ የሚሆነው መራጭ መገንጠልን መርጦ ነበር። ስድስት ወር እንዳለፈ ግን አዲሲቱ አገር ዋና ገቢዋን በገዛ እጇ ዘጋች። 2012 ከሁሉ በላይ የሚታወሰው በዚህ ውሳኔ ነው። የድንበር ጦርነት፣ የኑሮ ውድነት፣ ሙስናና የጎሳ ግጭትም በዚያው ዓመት ተደራርበው መጡ።

ነገሩ የሚጀምረው ከነዳጁ ነው። ሁለቱ ሱዳኖች ሲለያዩ ሦስት አራተኛው ምርት ለደቡብ ደረሰ። ቧንቧው፣ ማጣሪያውና የፖርት ሱዳን ወደብ ግን ሰሜን ቀሩ። ደቡብ ሱዳን በቀን 350,000 በርሜል ገደማ ታወጣ ነበር። ከመንግሥት ገቢ 98 ከመቶው የሚገኘው ከዚያ ነው። ያም ሆኖ በሱዳን ምድር ሳያልፍ ገበያ የሚደርስ ነዳጅ አልነበረም። ለመተላለፊያው ስንት ይከፈል የሚለው ጥያቄ ከነፃነቱ በፊት ማለቅ ነበረበት። ሳያልቅ ባንዲራው ተሰቀለ። ጥፋቱ የሁለቱም ወገን ነው፤ የሸምጋዮቹም ጭምር።

ካርቱም በበርሜል ከ30 ዶላር በላይ ጠየቀች። ጁባ እሰጣለሁ ያለችው አንድ ዶላር እንኳ አይሞላም። በዚህ መሃል ሱዳን «ያልተከፈለኝን ነው የምወስደው» ብላ ነዳጁን ለራሷ ማድረግ ጀመረች። ጁባ ደግሞ 815 ሚሊዮን ዶላር የሚያወጣ ነዳጅ ተሰርቆብኛል አለች። ጃንዋሪ 20 ቀን 2012 መንግሥት ምርቱ እንዲቆም መወሰኑን አስታወቀ። በፌብሩዋሪ ደግሞ ከካርቱም ጋር ተባብረዋል የተባሉት የፔትሮዳር የነዳጅ ኩባንያ ቻይናዊ ኃላፊ ከአገር ተባረሩ።

ውሳኔው በሕዝቡ ዘንድ ተወዳጅ እንደነበር መዘንጋት የለበትም። ከካርቱም ጋር ሲዋጋ ሁለት ሚሊዮን ያህል ሰው ያጣ ሕዝብ፣ ነፃ ወጣሁ ባለ ማግስት ንብረቱ ሲወሰድበት ዝም ይበል ማለት ግፍ ነው። ቁጣው እውነተኛ ነበር። ዝግጅቱ ነው የጎደለው። ሌላ ቧንቧ የለም፤ የመጠባበቂያ ገንዘቡም ለብዙ ወራት የሚያወላዳ አልነበረም። በማርች መጀመሪያ የደቡብ ሱዳኑ ፕሬዚዳንት ሳልቫ ኪር፣ መለስ ዜናዊና የኬንያው ምዋይ ኪባኪ በኬንያ ባሕር ዳርቻ ላሙ ላይ ተገናኝተው የአዲሱን ወደብና የመተላለፊያ መስመር ሥራ አስጀመሩ። ተስፋው ትልቅ ነበር። ግን በሺህ የሚቆጠር ኪሎ ሜትር ቧንቧ በወራት ውስጥ አይዘረጋም።

ኤፕሪል 10 የደቡብ ሠራዊት ድንበር ላይ ያለውን የነዳጅ ቦታ ሄግሊግን ያዘ። ደቡቦቹ ቦታውን ፓንቱ ይሉታል፤ የኛ ነው ባዮች ናቸው። ከሱዳን ቀሪ ምርት ግማሽ ያህሉ የሚወጣው ከዚያ ነበር። የሱዳኑ ፕሬዚዳንት ኦማር አልበሽር የጁባን መሪዎች በአደባባይ «ተባይ» ብለው ሰደቡ። የተባበሩት መንግሥታትና የአፍሪካ ኅብረት ጫና ሲበረታ ኪር በአሥረኛው ቀን ጦሩ እንዲወጣ አዘዙ። የሱዳን አውሮፕላኖች ግን ከዚያ በኋላም በደቡብ ሱዳኗ ከተማ ቤንቲዩ አካባቢ ቦምብ ጣሉ። ኪር በዚያው ሰሞን ቤጂንግ ነበሩ፤ ሱዳን ጦርነት አውጃብናለች ብለው ለቻይና መሪዎች ተናገሩ። ሜይ 2 የጸጥታው ምክር ቤት በውሳኔ 2046 ሁለቱንም ወገኖች ተደራደሩ፣ አለዚያ ማዕቀብ ይጠብቃችኋል አለ። ደቡብ ሱዳን ለዓመታት የነበራትን የዓለም ድጋፍ ሄግሊግ ላይ ክፉኛ አዳክማዋለች።

ገበያው ውስጥ ደግሞ ሌላ መከራ ነበር። የሰሜኑ ድንበር ስለተዘጋ እህሉም ዕቃውም የሚመጣው በአብዛኛው ከኡጋንዳና ከኬንያ ነው። የሚገዛው በዶላር ነው፤ ዶላሩ የሚገኘው ከነዳጅ ነው፤ ነዳጁ ቆሟል። በሜይ የዓመቱ የዋጋ ንረት 80 ከመቶ ገደማ ደረሰ። በመንግሥት ተመን በ3 ፓውንድ ገደማ የሚመነዘረው ዶላር በጥቁር ገበያ 5 ፓውንድ አለፈ። ጁባ ውስጥ ሆቴል የከፈቱ፣ የውሃ ቦቴ የሚነዱ ኢትዮጵያውያንና ኤርትራውያን ብዙ ነበሩ፤ የዶላሩ እጥረት ለእነሱም ራስ ምታት ሆነ። በዓመቱ መጨረሻ የአገሪቱ ኢኮኖሚ በግማሽ ገደማ ተኮማትሮ ነበር።

ከዚህ ሁሉ ግን ለእኔ ከባዱ ነገር የሜይ ደብዳቤ ነው። ኪር ለ75 የቀድሞና በሥልጣን ላይ ለነበሩ ባለሥልጣናት ጻፉ። 4 ቢሊዮን ዶላር ገደማ የት እንደገባ አይታወቅም፣ የወሰዳችሁትን መልሱ፣ የመለሰ ስሙ አይወጣም የሚል ነው። ከ815 ሚሊዮኑ ጋር አስተያዩት። ካርቱም ወሰደች ከተባለው አምስት እጥፍ የሚጠጋ ገንዘብ ባለፉት ዓመታት በራስ ሰው እጅ ጠፍቷል። አገር ያስቆጣው የመጀመሪያው ነው። ሁለተኛው ለደመወዝና ለመድኃኒት መዋል የነበረበት ነው፤ የተመለሰው ግን በጣም ጥቂቱ ነው።

ሌላውም የአገሪቱ ክፍል ሰላም አልነበረም። በምሥራቁ የጆንግሌይ ግዛት ውስጥ የሉ ኑዌር ጎሳ ታጣቂዎች በዓመቱ መባቻ የሙርሌ ጎሳ የሚኖርበትን ፒቦርን አጠቁ። የበቀል ጥቃቱ ቀጠለ፤ በመቶዎች የሚቆጠር ሰው አለቀ። ከሱዳን የደቡብ ኮርዶፋንና የብሉ ናይል ጦርነት የሸሹ ከ150,000 በላይ ሰዎችም በደቡብ ሱዳን ወዳሉት የዪዳና የማባን መጠለያዎች ገቡ።

ድርድሩ አዲስ አበባ ላይ ነበር፤ ሸምጋዩም የቀድሞው የደቡብ አፍሪካ ፕሬዚዳንት ታቦ ምቤኪ። በኦገስት በዋጋው ተግባቡ። መተላለፊያው እንደ ቧንቧው በበርሜል 9.10 ወይም 11 ዶላር ሆነ። ጁባ በዚያ ላይ ከ3 ቢሊዮን ዶላር በላይ ለሱዳን ለመክፈል ተስማማች። ሴፕቴምበር 27 ኪርና አልበሽር ፈረሙ። መለስ ካረፉ ገና ከወር ብዙም ያላለፈ ሲሆን ኃይለማርያም ደሳለኝ ሥልጣን በያዙ በሳምንቱ ነበር። ሁለቱም የኔ ናት የሚሏት የድንበር ግዛት አብዬ ግን ከስምምነቱ ውጭ ቀረች፤ ጥበቃዋም በኢትዮጵያ ወታደሮች እጅ ቆየ።

ፊርማው ነዳጁን ወዲያው አላስፈሰሰም። ካርቱም መጀመሪያ በድንበሩ ጸጥታ ካልተማመንን አለች፤ ወራት ባከኑ። በዲሴምበር መንግሥትን በመተቸት የሚታወቀው ጸሐፊ ኢሳያስ አብርሃም ጁባ በሚገኘው ቤቱ አጠገብ በጥይት ተገደለ። በዚያው ወር በምዕራቡ ዋው ከተማ ሰልፍ በወጡ ሰዎች ላይ ተተኮሰ። ምርቱ የተጀመረው በኤፕሪል 2013 ነው። በጁላይ ኪር ምክትላቸውን ሪክ ማቻርን ከሥልጣን አነሱ፤ ዓመቱ ሳያልቅ ጁባ ውስጥ የእርስ በርስ ጦርነቱ ጀመረ።