አልቤርቶ ኢግሌሲያስ፦ ከንግግር ሥር የሚፈስ ሙዚቃ

አልቤርቶ ኢግሌሲያስ በ1955 በባስክ ምድር፣ በሳን ሴባስቲያን ከተማ የተወለደ ስፔናዊ የፊልም ሙዚቃ ደራሲ ነው (እዚህ ያሉት ዓመታት በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ቀራፂዋ ክሪስቲና ኢግሌሲያስ እህቱ ናት።

ስሙ የታወቀው ከዳይሬክተር ሁሊዮ ሜደም ጋር በሠራቸው ፊልሞች ነው፤ «ላሞች» በ1992፣ «ቀይዋ ሽኮኮ» በ1993፣ «መሬት» በ1996 ወጡ። በ«ቀይዋ ሽኮኮ» የመጀመሪያውን ጎያ፣ ማለትም የስፔን የፊልም አካዳሚን ሽልማት ወሰደ። በእነዚያው ዓመታት ለዳንስ ቀማሪው ለናቾ ዱዋቶ ሥራዎችም ሙዚቃ ይደርስ ነበር።

ስፔናዊው ዳይሬክተር ፔድሮ አልሞዶቫር ከእሱ በፊት በየጊዜው የሙዚቃ ደራሲ ይቀያይር ነበር፤ ኤንዮ ሞሪኮኔና ሪዩኢቺ ሳካሞቶ እንኳ አንድ አንድ ፊልም ብቻ ሠርተውለታል። ከ«የምስጢሬ አበባ» (1995) ወዲህ ግን ረጃጅም ፊልሞቹን ሁሉ ለኢግሌሲያስ ሰጥቷል።

ሥራው ቀላል አይደለም። የአልሞዶቫር ገፀ ባሕርያት ብዙ ያወራሉ። ቪዮላ፣ ቼሎና ክላርኔት የተባሉት መሣሪያዎች ደግሞ ድምፃቸው ከሰው ድምፅ ከፍታ ጋር ይገጥማል። ተዋናዩ ሲናገር ዜማው አብሮ ከተንቀሳቀሰ ቃሉ ይዋጣል፤ ድምፅ ቀላቃዩም ሙዚቃውን ዝቅ ሲያደርገው ረቂቁ ነገር ሁሉ ይጠፋል። መፍትሔው ገና ሙዚቃው ሲጻፍ ነው መምጣት ያለበት፦ በንግግሩ ሥር ረዘም ያለ ድምፅ መያዝ፣ ዜማውን ሰውየው ትንፋሽ ሲወስድ ማንቀሳቀስ።

ሌላው ፈተና ስሌቱ ነው። ፊልም በሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ይሄዳል፤ በደቂቃ 72 ምት ባለው ሙዚቃ አንዱ ምት 20 ፍሬም ይወስዳል። ሙዚቃው ካለቀ በኋላ ኤዲተሩ 40 ፍሬም ቢቆርጥ 2 ምት ማውጣት ይበቃል። 50 ፍሬም ከቆረጠ ግን የሚጎድለው ሁለት ምት ተኩል ነው፤ ያኔ ወይ ፍጥነቱ ይቀየራል፣ ወይ አንዱ ሐረግ እንደገና ይጻፋል። እንዲሁ ከተተወ የዜማው ጫፍ ከትዕይንቱ ዘግይቶ ይደርሳል።

ለጀማሪ አድማጭ ከሁሉ የሚሻለው የአልሞዶቫር ፊልም «አናግራት» (2002) ነው። በመካከሉ ንግግር የሌለበት ጥቁርና ነጭ አጭር ፊልም አለ፤ ሌላ ቦታ ለቃላት መንገድ የሚለቁት ባለ አውታር መሣሪያዎች እዚያ ታሪኩን ራሳቸው ይሸከማሉ። በ«የምኖርበት ቆዳ» (2011) ደግሞ ቫዮሊኑ እረፍት አይሰጥም።

ከስፔን ውጭ መንገዱን የከፈተለት የዳይሬክተር ፌርናንዶ ሜይሬሌስ ፊልም «ዘ ኮንስታንት ጋርድነር» (2005) ነው። ታሪኩ የሚያጠነጥነው ኬንያ ላይ ስለሆነ የኬንያዊው ሙዚቀኛ የአዩብ ኦጋዳ ድምፅ ይሰማበታል። ኦጋዳ የሚታወቅበት ኒያቲቲ የሉኦ ሕዝብ ባለ 8 አውታር መሣሪያ፣ የክራር የቅርብ ዘመድ ነው፤ የእኛ ጆሮ ወዲያው ይለየዋል። በዚህ ፊልም ለኦስካር ታጨ። በ«ዘ ካይት ራነር» (2007)፣ በ«ቲንከር ቴይለር ሶልጀር ስፓይ» (2011) እና በአልሞዶቫር «ትይዩ እናቶች» (2021) ዳግም ቢታጭም ሐውልቱን አላገኘም።

በአገሩ ግን ነገሩ ሌላ ነው፦ 11ኛውን ጎያ በ«ሕመምና ክብር»፣ 12ኛውን በ2025 በ«ቀጣዩ ክፍል» ተቀብሏል።