ስለ ቶም ኦፍ ፊንላንድ የሚነገሩ ስህተቶች እና እውነታው

የቆዳ ጃኬት፣ የቆዳ ኮፍያ፣ ወፍራም ሪዝ፣ ጠባብ ጂንስ፣ ቦት ጫማ። ዘፋኙን ፍሬዲ ሜርኩሪን በ1980 አካባቢ በተነሣቸው ፎቶዎች ያየ ሰው ይህን መልክ ያውቀዋል። መልኩ በዓለም እንዲታወቅ ካደረጉት ሰዎች ዋናው ቶውኮ ላክሶኔን የሚባል ፊንላንዳዊ ሰዓሊ ነው። ብዙ ሰው የሚያውቀው ግን ቶም ኦፍ ፊንላንድ በሚለው ስሙ ነው። የሚሥለው ጌይ ወንዶችን ነበር፤ አብዛኛው ሥራውም ወሲባዊ ነው። ስለ እሱ የሚወራው ብዙ ነገር ወይ ስህተት ነው ወይ ግማሽ እውነት፤ ይህ ደግሞ ያናድደኛል፣ ምክንያቱም እውነተኛው ታሪክ ከሚወራው በጣም ይበልጣል። (ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

«ፊንላንድ ድሮም ነፃ አገር ናት፣ ምን ተቸገረ?»

እንዲህ የሚሉት የዛሬዋን ፊንላንድ እያዩ ነው። ላክሶኔን በ1920 ቱርኩ አጠገብ ባለችው ካሪና ከመምህራን ቤተሰብ ሲወለድ፣ በአገሩ የተመሳሳይ ፆታ ግንኙነት ወንጀል ነበር። ወንጀልነቱ የቀረው በ1971 ነው። ሰውየው ያኔ 50 ዓመት ሞልቶታል! ከበሽታ ዝርዝር የወጣው ደግሞ በ1981 ሲሆን፣ «በአደባባይ ማበረታታት»ን የሚከለክለው አንቀጽ እስከ 1999 ድረስ ሕጉ ላይ ነበር። ላክሶኔን የሞተው በ1991 ነው። ይህ አንቀጽ ሲነሣ አላየም ማለት ነው።

ስለዚህ ሕይወቱን ሁለት ቦታ ከፍሎ ነበር የኖረው። ቀን ቀን ሄልሲንኪ ውስጥ በአንድ ትልቅ የማስታወቂያ ድርጅት ይሠራል። ማታ ቤቱን ዘግቶ ይሥላል። ከማስታወቂያ ሥራው የለቀቀው በ1973 ነው። ቬሊ ከሚባል የፍቅር ጓደኛው ጋር 28 ዓመት አብረው ኖረዋል፤ ቬሊ በ1981 በጉሮሮ ካንሰር ሞተ። ሥዕሎቹን ያየ ሰው የሚገምተው ዓይነት ሕይወት አይደለም።

«ስሙን ለዝና ብሎ ያወጣው ነው»

አይደለም። በ1956 ሎስ አንጀለስ ወደሚታተም አንድ መጽሔት ሥዕሎቹን በፖስታ ላከ፤ የፈረመው «ቶም» ብሎ ብቻ ነው። መጽሔቱ የሰውነት ግንባታ መጽሔት መስሎ የሚወጣ፣ አንባቢዎቹ ግን በብዛት ጌይ ወንዶች የሆኑ ነበር። አዘጋጁ ቦብ ማይዘር በ1957 የፀደይ እትም ሽፋን ላይ በወንዝ ግንድ የሚያጓጉዙ ሠራተኞችን ሥዕል አወጣ፤ «ኦፍ ፊንላንድ» የምትለዋን የጨመረውም እሱ ነው።

«ያየውን ነው የሣለው፣ ምንም አልፈጠረም»

እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ።

እርግጥ ነው፣ የቆዳ ጃኬቱን እሱ አልፈጠረውም። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ አሜሪካ ውስጥ ሞተር ሳይክል የሚነዱ ወጣቶች ይለብሱት ነበር፤ በ1953 ደግሞ ተዋናዩ ማርሎን ብራንዶ ፊልም ላይ ለብሶት ሲታይ ነገሩ ተቀጣጠለ። ላክሶኔንም ይህን አይቶ ሥሏል፤ የደን ሠራተኛውን፣ መርከበኛውን፣ ወታደሩንም እንደዚሁ። እሱ የጨመረው ሌላ ነገር ነው። በዚያ ዘመን ጌይ ወንድ ፊልም ላይም ሆነ ጋዜጣ ላይ ሲወጣ ወይ የሚሳቅበት፣ ወይ የታመመ፣ ወይ መጨረሻው የማያምር ሰው ሆኖ ነው። ላክሶኔን የሣላቸው ወንዶች ግን አያፍሩም። ይስቃሉ። ቀን በፀሐይ፣ ጫካ ውስጥ፣ መንገድ ላይ፣ ማንንም ሳይፈሩ ይታያሉ። አንድ ሰው በትንሽ ከተማ ብቻውን ሆኖ፣ እንደኔ ያለ ሌላ ሰው የለም ብሎ እያሰበ እንዲህ ዓይነት ሥዕል በፖስታ ሲደርሰው ምን እንደሚሰማው አስቡት።

ከዚያ ነገሩ ተገላበጠ። በሥዕሉ ላይ ያሉትን ወንዶች ያዩ ሰዎች እንደነሱ መልበስ ጀመሩ፤ የሳን ፍራንሲስኮ፣ የኒው ዮርክና የአውሮፓ ከተሞች «ሌዘር ባሮች»፣ ማለትም ቆዳ የሚለብሱ ጌይ ወንዶች የሚሰበሰቡባቸው ባሮች፣ በ1970ዎቹ በእንዲህ ዓይነት ሰዎች ተሞሉ። እሱ ደግሞ በ1978 አሜሪካ ሄዶ እነዚህኑ ሰዎች አይቶ መልሶ ሣላቸው። ስለዚህ ማን ማንን ቀዳ ብሎ መከራከር አያስኬድም፤ ሁለቱም እየተቀባበሉ ነው የሠሩት።

«ናዚ ነበር»

ይህ ከባድ ክስ ነው፣ በቀላሉ የሚታለፍም አይደለም። የጀርመን ወታደራዊ ዩኒፎርም የለበሱ ወንዶችን ሥሏል፤ ይህ እውነት ነው። በጦርነቱ ጊዜ ፊንላንድ ከጀርመን ጎን ሆና ሶቪየት ኅብረትን ስትወጋ እሱ የፀረ አውሮፕላን መኮንን ነበር፤ የጀርመን ወታደሮችም በአገሩ ነበሩ። በኋላ ሲጠየቅ የናዚን አስተሳሰብና ዘረኝነቱን እንደሚጠላ፣ የሳበው ልብሱ እንደሆነ በግልጽ ተናግሯል። ናዚ የሚያሰኘው ነገር የለም። ግን እነዚያን ሥዕሎች ማየት የማይፈልግ ሰው ቢኖር ሙሉ በሙሉ እረዳዋለሁ፤ ናዚዎች ጌይ ወንዶችን ራሱ ማጎሪያ ካምፕ ከተው ገድለዋልና።

«ለሁሉም ጌይ ወንድ ኩራት ሰጠ»

ለብዙዎች፣ አዎ። ለሁሉም ግን አይደለም። ሁሉም ሰው ሰፊ ትከሻና ጡንቻ የለውም። ቀጭን የሆነ፣ ወይም ሁኔታው ለስለስ ያለ ወንድ እነዚህን ሥዕሎች ሲያይ አዲስ መለኪያ መጣብኝ ቢል ትክክል ነው። ይህ ትችት ከጌይ ወንዶች ራሳቸው የሚመጣ ስለሆነ ሊሰማ ይገባል።

«ወሲብ ቀስቃሽ ነው እንጂ ጥበብ አይደለም»

እሱ ራሱ «ባለጌ ሥዕሎቼ» እያለ ነበር የሚጠራቸው፤ አልደበቀም። ሁለቱም ሊሆን አይችልም ያለው ማነው? በእርሳስ የሠራውን የቆዳ ነጸብራቅ ጠጋ ብሎ ያየ ሰው የእጁን ችሎታ አይክድም። የኒው ዮርኩ የዘመናዊ ጥበብ ሙዚየም ሥራዎቹን ሰብስቧል፤ ሄልሲንኪ ያለው ኪያስማ ሙዚየም በ2023 ትልቅ ኤግዚቢሽን አዘጋጅቶለታል።

«ተጽዕኖው ከባር አላለፈም»

በ2014 የፊንላንድ ፖስታ የእሱን ሥዕሎች የያዙ ቴምብሮች አወጣ። «ማበረታታት»ን የሚከለክለው አንቀጽ ከተነሣ ገና 15 ዓመት ነው ያለፈው። ከ178 አገሮች ትዕዛዝ መጣ። በዚያው ዓመት የታወቀ የፊንላንድ የጨርቃ ጨርቅ ድርጅት ሥዕሎቹን አንሶላ ላይ አትሞ ሸጠ፤ በ2017 ደግሞ የሕይወት ታሪኩ ፊልም ሆነ።

ብዙ ጊዜ የማይነሣ ሌላም ነገር አለ። ኤድስ በ1980ዎቹ ጓደኞቹን ሲጨርስ ኮንዶም እንዲጠቀሙ የሚያበረታቱ ሥዕሎችን ሠርቷል። በ1984 ደግሞ ከወዳጁ ዱርክ ዴህነር ጋር ሎስ አንጀለስ ውስጥ በስሙ የሚጠራውን ፋውንዴሽን አቋቋመ። ፋውንዴሽኑ የእሱን ብቻ ሳይሆን የሌሎችንም ወሲባዊ ሥዕሎች ይሰበስባል፤ ያለበለዚያ ብዙዎቹ ሰዓሊው ሲሞት ቆሻሻ ውስጥ ይጣሉ ነበር። ኢኮ ፓርክ ሰፈር ያለው የፋውንዴሽኑ ቤት በ2016 የከተማዋ ታሪካዊ ቅርስ ሆኖ ተመዝግቧል፤ ዛሬም ሰዓሊዎች እዚያ እያረፉ ይሠራሉ።