ስትሪክት ሴትልመንት ምንድን ነው?

«ዱኩ ያን የሚያህል ቤት ታቅፎ ገንዘብ አጠረኝ ይላል። ታዲያ ለምን አይሸጠውም?» ስለ እንግሊዝ ዱኮች (ከፍተኛ ማዕረግ ያላቸው ባላባቶች) ይህችን ጥያቄ ስንቴ ሰማኋት! ሰሞኑን ደግሞ አንዱ ስለ እንግሊዝ ባላባቶች ሲተነትን ስትሪክት ሴትልመንትን፣ ማለትም የባላባት መሬትና ቤት ሳይሸጥ በቤተሰቡ ውስጥ እንዲተላለፍ የሚያስረውን ሰነድ፣ «ርስት» ብሎ ተርጉሞ እብስ አለ። ዝም ብዬ ላልፍ ነበር፤ አልቻልኩም።

«ርስት» ግማሹን ብቻ ይመታል። ባለርስትም መሬቱን እንደ በግ ገበያ አውጥቶ አይሸጥም ነበር። ርስት ግን በእናትም በአባትም በኩል ለልጆች ሁሉ ይደርሳል። የእንግሊዙ ሳይከፋፈል ለአንድ ሰው ነው የሚያልፈው፤ አብዛኛውን ጊዜ ለበኩር ወንድ ልጅ።

ይልቅ ዱላ ቅብብልን አስቡ። ሯጩ ዱላውን ይዞ ይሮጣል እንጂ ኪሱ አይከተውም። አባትየው በሕይወት እስካለ ቤቱ ውስጥ ይኖራል፤ የእርሻውን ኪራይ ይሰበስባል። ቀጣዩ ተቀባይ ግን አስቀድሞ በሰነድ ተወስኗል።

«ለዘላለም የታሰረ ንብረት» የሚሉት ነገር ነው በጣም የሚያናድደኝ። የእንግሊዝ ሕግ ለዘላለም ማሰርን አይፈቅድም። በቅብብል ዱላው ላይ የሁለት ሰው እጅ የሚያርፍበት ቅጽበት አለ አይደል? እዚህም ልጁ 21 ዓመት ሲሞላው ይመጣ ነበር። አባትና ልጅ ከተስማሙ ማሰሪያውን መፍታት ይችሉ ነበር። ልጁ ግን የራሱ ገቢ የለውም። አባት «ፈርምልኝ፣ በየዓመቱ ይህን ያህል እቆርጥልሃለሁ» ይላል። ይፈርማል። ዱላው ገና ላልተወለደ የልጅ ልጅ እንደገና ይታሰራል። ያሰረው የጥንት አያት መንፈስ ሳይሆን በየትውልዱ የሚደረግ ድርድር ነው።

ዱላው ባዶውን አይሄድም ደግሞ። የባልቴቷ የዓመት ቀለብ፣ የታናናሾቹ ድርሻ፣ የባንክ ብድር ይንጠለጠልበታል። ሯጩ ዱክ ይባላል እንጂ ሲሮጥ ያለከልካል።

በነገራችን ላይ ይህ የእንግሊዝና የዌልስ ሕግ ነው፤ ስኮትላንድ የራሷ አላት። ከ1882 (ዓመቶቹ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) በኋላ ባለተራው መሬቱን መሸጥ ተፈቅዶለታል። ገንዘቡ ግን ለባለአደራዎች ይገባል እንጂ ለእሱ አይደለም፤ ዋናውን ቤት ለመሸጥ ደግሞ የእነሱ ወይም የፍርድ ቤት ፈቃድ ያስፈልግ ነበር። ከ1997 ወዲህ አዲስ ስትሪክት ሴትልመንት ማቋቋም አይቻልም።

«ትረስት» (ንብረትን ለሌሎች ጥቅም በባለአደራ እጅ ማስቀመጥ) የተባለ ሁሉም ስትሪክት ሴትልመንት አይደለም። እንግሊዝ ውስጥ ደርቢሺር ያለውን ትልቅ የባላባት ቤት፣ ቻትስወርዝን፣ እዩ። ቤስ ኦቭ ሃርድዊክና ባሏ ዊልያም ካቨንዲሽ መሬቱን በ1549 በ600 ፓውንድ ገዙ። ዘሮቻቸው የዴቮንሺር ዱኮች ሆኑ። 10ኛው ዱክ በ1946 አብዛኛውን ሀብቱን ለቤተሰቡ ትረስት አስተላለፈ። ይህ ሌላ ዓይነት ትረስት ነው፤ ዓላማውም የውርስ ግብርን ማምለጥ ነበር። የያኔው ሕግ ግን ሰጪው ከሰጠ በኋላ 5 ዓመት እንዲኖር ይጠይቅ ነበር። ዱኩ ጥቂት ወራት ሲቀሩት በኅዳር 1950 ሞተ። ግብሩ 80 በመቶ!

ልጁ መሬት ሸጠ፣ ሥዕሎች አስረከበ። ቤስ በስተርጅና ያሠራችው ሃርድዊክ ሆልም ለግብሩ ሄደ፤ በ1959 ቅርስ ጠባቂው ድርጅት ናሽናል ትረስት ተረከበው። የስሟ (ኤልሳቤጥ ሽሩስበሪ) መነሻ ፊደላት፣ «ኢ» እና «ኤስ»፣ ከማማዎቹ አናት ላይ ዛሬም በድንጋይ ቆመዋል።

ቻትስወርዝን ደግሞ ከ1981 ጀምሮ የሚያስተዳድረው የበጎ አድራጎት ትረስት ነው። ቤቱን ከቤተሰቡ ባለአደራዎች በረጅም ሊዝ ይዞታል። የዱኩ ቤተሰብ እዚያ ይኖራል፤ ለሚኖርበት ክፍልም ኪራይ ይከፍላል።