ሰብሞጁሉ ባዶ ሲሆን ኔትዎርኩን አትውቀሱ

«ጋሼ፣ ዋናው ሪፖ (የኮድ ማከማቻው) ወርዷል፤ ውስጡ ያለው ፎልደር ግን ባዶ ነው። ኔትዎርኩ ነው አይደል?» ከደሴም ከኮምቦልቻም ይህን ስልክ ማንሳት ሰልችቶኛል። ኔትዎርክ ሲያስቸግር ጊት (የኮድ ለውጦችን የሚመዘግበው ፕሮግራም) ራሱ «ሰርቨሩን አላገኘሁትም» ይላል። ምንም ሳይል ባዶ ከሆነ ደግሞ ክሎን ስታደርጉ (ሪፖውን ወደ ማሽናችሁ ስታወርዱ) ሰብሞጁሎቹንም፣ ማለትም ውስጡ የተያያዙትን ሌሎች ሪፖዎች፣ አምጣ አላላችሁትም።

«ዋናውን ያስገባኝ ቶክን (በፓስወርድ ፈንታ የሚሠራው ሚስጥራዊ ኮድ) ውስጡ ላለውም ይሠራል።» የሚያናድደኝ ይሄ ነው። ሰብሞጁል የራሱ አድራሻና የራሱ ፈቃድ ያለው ሌላ ሪፖ ነው። ዋናው ሪፖ የያዘው አድራሻውንና የትኛው ኮሚት (የተመዘገበ ለውጥ) ላይ እንደቆመ ብቻ ነው። የግቢው በር ቁልፍ የተከራዮቹን ክፍል አይከፍትም። ቶክኑን ስታወጡ አንድ ሪፖ ብቻ መርጣችሁ ከሆነ፣ የሚከፍተው ያንኑ ነው።

ጊትሀብ (ሪፖዎቹ የሚቀመጡበት ድረ ገጽ) ደግሞ ፈቃድ ለሌለው ሰው ፕራይቬት ሪፖ መኖሩን እንኳ አይነግርም፤ «አልተገኘም» ብሎ ያልፋል። ኮምቦልቻ ያለ አንድ ልጅ ይህን አይቶ «ሪፖው ተሰርዟል» ብሎ ደሴ ያለውን አለቃውን በዚያ ብርድ በሌሊት ቀሰቀሰው። ቶክኑ ላይ ሁለተኛውን ሪፖ ስንጨምርበት ወረደ።

ሌላው ብልሃተኛ ቶክኑን የሰብሞጁሎቹ አድራሻ በሚጻፍበት ጊትሞጁልስ ፋይል ውስጥ፣ አድራሻው ላይ ይለጥፈዋል። ኧረ በፈጣሪ! ያ ፋይል ኮሚት ይደረጋል፤ ሪፖውን የሚያይ ሁሉ ያየዋል። «በኋላ አጥፍቼዋለሁ» አይሠራም፤ ሂስትሪው ውስጥ ተቀምጧል። ቶክኑን ሰርዙና ሌላ አውጡ።

«ፓስወርዴ ትክክል ነው።» ይሆናል። ጊትሀብ ግን ከነሐሴ 7 ቀን 2013 ዓ.ም. ጀምሮ ለጊት ሥራ የአካውንት ፓስወርድ አይቀበልም።

«ክሬደንሻል ሄልፐር (ቶክንና ፓስወርድ ለጊት የሚያስታውሰው) ስላለኝ ቶክኔ ተቆልፏል።» እንደ ሄልፐሩ ነው። ስቶር የሚባለው ፋይል ላይ በግልጽ ይጽፈዋል። ካሽ የሚባለው ደግሞ የጊዜ ገደቡን ካልቀየራችሁት በ900 ሴኮንድ ይረሳዋል።

«አንድ ዲፕሎይ ኪ (ሪፖ ላይ የሚመዘገብ የኤስኤስኤች ቁልፍ) ለሁሉም ይበቃል።» ጊትሀብ ላይ አንዱ ቁልፍ ለአንድ ሪፖ ብቻ ነው።

እኔን ከሰማችሁኝ፣ ጊትሞጁልስ ላይ ንጹሕ የኤችቲቲፒኤስ አድራሻ ይቀመጥ። እያንዳንዱ ሰው በራሱ ማሽን፣ ግሎባል ኮንፊጉ ላይ፣ አንዱን አድራሻ በሌላ በሚተካው ኢንስቴድኦፍ በሚባለው መስመር ወደ ኤስኤስኤች (በቶክን ፈንታ በቁልፍ ወደሚገባበት መንገድ) ያዙረው። የኤስኤስኤች ፐብሊክ ቁልፋችሁን ጊትሀብ አካውንታችሁ ላይ አስገቡ፤ አካውንቱ የሚያየው ሪፖ ሁሉ በእሱ ይወርዳል። ኤስኤስኤች አልፈልግም ብላችሁ የመሥሪያ ቤትና የግል አካውንት አንድ ማሽን ላይ የምትጠቀሙ ደግሞ ዩዝኤችቲቲፒፓዝ የሚባለውን የጊት ቅንብር (ሙሉውን አድራሻ እንዲያይ የሚያደርገውን) አብሩ። ካልሆነ ጊት የሚያየው የሰርቨሩን ስም ብቻ ስለሆነ የግሉን ቶክን ለመሥሪያ ቤቱ ሪፖ ያቀርባል።