«የካልሲየም እጥረት» ምንድን ነው? የቲማቲም ቂጥ ሲጠቁር

ባለፈው ቅዳሜ ሸዋ ሮቢት አንድ ግቢ ገብቼ ነበር። በአጥሩ ጥግ ስምንት የቲማቲም ተክል ቆሟል። ቅጠሉ ለምለም ነው፣ ያስቀናል። ፍሬው ግን ከታች፣ አበባው በረገፈበት በኩል፣ ጠቁሮ ጎድጉዷል። በየተክሉ ሥር ደግሞ ነጭ ስብርባሪ ተበትኗል። ጎንበስ ብዬ ሳየው የእንቁላል ቅርፊት ነው።

«የካልሲየም እጥረት ነው ብለውኛል» አሉኝ የቤቱ ባለቤት። «ሁለት ወር ሙሉ ከጎረቤት ሳይቀር ቅርፊት ስለቅም ከረምኩ። ጭራሽ ባሰበት። ምን ይሻለኛል ልጄ?»

«እማማ፣ ውሃ የሚያጠጡት መቼ መቼ ነው?»

«ቧንቧው ሲመጣ ነዋ!»

ቧንቧው የሚመጣው በየአምስት ቀኑ ነው። በመጣ ቀን አፈሩ እስኪጨቀይ ያጠጡታል። ከዚያ እስከሚቀጥለው ድረስ ፀሐይ ብቻ። የሮቢት ፀሐይ ደግሞ ይታወቃል።

ይህን «የካልሲየም እጥረት» የሚባል ነገር ዘንድሮ ከደብረ ብርሃን እስከ አጣዬ ስሰማው ከረምኩ። የቲማቲም ቂጥ በጠቆረ ቁጥር ሰው ሁሉ ይህንኑ ይላል። ከዚያ ቅርፊቱ፣ ወተቱ፣ አመዱ፣ ኖራው ይጎርፋል። እኔ ሥራዬ አትክልት ነው። ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም።

የጠቆረው የፍሬው ክፍል በርግጥ ካልሲየም አንሶታል። የሕዋሶቹ ግድግዳ ሳይጠነክር ቀርቶ ነው የፈረሰው። አፈሩ ግን ብዙ ጊዜ ምንም አልጎደለውም። ሰው «እጥረት» ሲባል የሚሰማው «ጨምር» የሚል ነው። እጥረቱ ያለው ፍሬው ውስጥ እንጂ መሬቱ ውስጥ አይደለም። የተቋረጠው በመካከል ያለው መንገድ ነው።

መንገድ ካነሳሁ አይቀር የኛኑ ልውሰድ፤ ከደብረ ብርሃን ተነስቶ የጣርማ በርን ዋሻ አልፎ፣ በደብረ ሲናና በአርማንያ አድርጎ ሮቢት የሚወርደውን። ካልሲየም መንገደኛ ነው እንበል። የራሱ እግር የለውም። ውሃ የሚባለው መኪና ላይ ካልተሳፈረ ከሥር አይነሳም። መኪናው ደግሞ የሚሄደው ገበያ ወዳለበት ነው። በተክል ውስጥ ገበያው ቅጠሉ ነው። ቅጠል ቀኑን ሙሉ ውሃ በትነት ስለሚያጣ ቀኑን ሙሉ ውሃ ይጠራል። የፍሬው ልጣጭ ግን ሰም እንደተቀባ ነው፤ በትነት የሚያጣው ውሃ እምብዛም ነው። ስለዚህ ፍሬው ከዋናው መንገድ ገባ ያለች፣ ገበያም የማይቆምባት መንደር ናት። ቂጡ ደግሞ የዚያች መንደር የመጨረሻው ቤት ነው። መኪና በበዛ ቀን ለሷም ይደርሳታል። መኪና ባነሰ ቀን ግን መንገደኛው ሁሉ ደብረ ሲና ላይ ወርዶ ያልቃል።

ይህ መንገደኛ የመልስ ጉዞም አያውቅም። ስኳር ከቅጠል ወደ ፍሬ ይሄዳል። ካልሲየም ግን አንዴ ቅጠል ላይ ከወረደ እዚያው ይቀራል። ለዚህ ነው ቅጠል ላይ የተረጨ ካልሲየም ለፍሬው የማይደርሰው።

ሌሊት ሲሆን ነገሩ ይለወጣል። ፀሐይ ስትጠልቅ ገበያው ይበተናል፤ ቅጠሉ ውሃ መጥራቱን ይቀንሳል። አፈሩ እርጥበት ካለው ሥሩ ውሃውን ከታች ወደ ላይ ይገፋዋል። ያን ጊዜ መኪናው እስከ መጨረሻው ቤት ይዘልቃል። አፈሩ ደርቆ ካደረ ግን የሌሊቱም መኪና ቀረ ማለት ነው። በእማማ ጓሮ አብዛኛው ሌሊት እንዲህ ነበር።

«እኔ ቅርፊት ፈጭቼ ጨምሬ በሦስት ሳምንት ለውጥ አይቻለሁ» ብሎ የተከራከረኝ ሰው አለ። ማየቱን አልጠራጠርም። ግን ይህ ችግር የሚበረታው በመጀመሪያዎቹ ዘለላዎች ላይ ነው። ያኔ ተክሉ ቅጠል በፍጥነት ያወጣል፤ ሥሩ ግን ገና አልጠለቀም። ከሳምንታት በኋላ ሥሩ ወደ ታች ይወርዳል፣ ቀጣዩ ዘለላም ብዙ ጊዜ ንጹሕ ሆኖ ይመጣል። ቅርፊት ባይጨመርም ይመጣ ነበር። ደግሞ ቅርፊት ሊበትን በየቀኑ ጓሮ የሚወርድ ሰው ውሃም ደጋግሞ ያጠጣል። ምስጋናውን ግን ቅርፊቱ ይወስዳል።

ወንድሜ፣ በሦስት ሳምንት ቅርፊቱ መቼ ሟሙቶ? የእንቁላል ቅርፊት ካልሲየም ካርቦኔት ነው። አሲዳማ አፈር ካልሆነ በቀር በቀላሉ አይሟሟም። የኛ መረሬ፣ ጥቁሩ ሸክላ አፈር፣ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ አሲዳማ አይደለም፤ ካልሲየምም ሞልቶታል። የመረሬ ችግሩ ሌላ ነው። ሲደርቅ ይሰነጠቃል፤ ሲሰነጠቅ ቀጫጭኑን ሥር ይበጥሳል። ሲርስ ደግሞ ውሃ ይቋጥራል፤ ሥሩ አየር ያጣል። ሁለቱም መንገዱን ይዘጋሉ።

አሲዳማ ቀይ አፈር ላይ ያላችሁ፣ በተለይ ዝናብ በሚበዛበት ደጋ፣ ጉዳያችሁ ይለያል። እዚያ መሬቱ ራሱ ካልሲየም ሊያንሰው ይችላል፤ ኖራም ይሠራል። ግን ኖራ የሚገባው አፈሩ ተመርምሮ፣ ከመትከል በፊት ነው። ፍሬ ከጠቆረ በኋላ ቢበተን ለዚያ ፍሬ አይደርስለትም። ደግሞ የካልሲየሙ ማነስ መነሻው ነው ወይስ ተክሉ በሙቀትና በውሃ ጥም ከተጎዳ በኋላ የሚመጣ ውጤት ነው በሚለው ላይ ተመራማሪዎች አሁንም ይከራከራሉ። ለጓሮ ተካይ ግን በሁለቱም በኩል የሚደረገው ነገር ያው ነው።

ከቅርፊቱ በላይ የሚያስጨንቀኝ መርጨቱ ነው። «በሽታ ገባበት» ብለው ማንኮዜብ የሚባለውን የፈንገስ መድኃኒት የሚረጩ አሉ። ይህ ተላላፊ በሽታ አይደለም። ከተክል ወደ ተክል አይሄድም። የጠቆረው ቦታ ቢሻግት እንኳ ሻጋታው የመጣው ከቆሰለ በኋላ ነው። መድኃኒቱ ለፍሬው ምንም አይፈይድም፤ ልጆች ግን ከጓሮ ቀጥፈው ሳያጥቡ ይበላሉ። እባካችሁ መጀመሪያ ቅጠሉን እዩ። በክረምት ጭጋግ ቲማቲምና ድንችን አብሮ የሚያጠቃው በሽታ ቅጠሉንም ግንዱንም ያጠቁራል፤ ፍሬው ላይም ቂጡን አይመርጥም። ቂጡ ብቻ ጠቁሮ ቅጠሉ ለምለም ከሆነ መርጫውን አስቀምጡት።

ለእማማ የነገርኳቸው እንዲህ ነው። ቧንቧ በመጣ ቀን አራት ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ይሙሉ። በአራቱ ደረቅ ቀናት፣ ማታ ማታ፣ ለእያንዳንዱ ተክል ሁለት ሁለት ሊትር። ለስምንቱም በቀን አንድ ጀሪካን ይበቃል። ውሃው ሥሩ ላይ ይፍሰስ እንጂ ቅጠሉን አይንካ፤ ቅጠል ረጥቦ ካደረ ያንን የክረምቱን በሽታ ይጋብዛል። ጎመን ያጠቡበት ውሃም ይሆናል። የሳሙና ውሃ ግን አይሁን፤ ጨው የበዛበትን ውሃ ሥር መሳብ ይቸገራል።

ቀጥሎ ጉዝጓዝ። የጤፍ ጭድ ወይም ደረቅ ሣር፣ አራት ጣት ያህል ውፍረት፣ በሥሩ ዙሪያ፣ ግንዱን ሳይነካ። እንደ ሮቢት ባለ ቆላ ከምንም በላይ የምተማመንበት ይህንን ነው።

ዩሪያም ነበረ። ቅጠሉ ያን ያህል የለመለመው ለካ በየሁለት ሳምንቱ እፍኝ እፍኝ ዩሪያ እያገኘ ነው። ዩሪያ ገበያውን ያሰፋዋል። ቅጠል በበዛ ቁጥር መኪናው ሁሉ እዚያ ይቀራል። በዚያ ላይ ዩሪያ አፈር ውስጥ ገብቶ ወደ አሞኒየም ይለወጣል፤ አሞኒየም ደግሞ መሳፈሪያው ላይ ካልሲየምን ይጋፋል። ለጊዜው ይተውት አልኳቸው። ተክሉ ሥር ጠልቀው መኮትኮቱንም እንዲሁ፤ ሥር ይቆርጣል።

ዘርም ይለያል። እንደ ሮማ ቪኤፍ ያሉ ሞላላ ፍሬ ያላቸው ይብስባቸዋል፤ ትንንሾቹ ክብ ቲማቲሞች እምብዛም አይጠቁሩም። በባልዲና በጆንያ የተከላችሁ አፈሩን በየቀኑ በጣት እየነካችሁ እዩት፤ ቶሎ ይደርቃል። ደብረ ብርሃን ያላችሁ ደግሞ ቀድማችሁ የምትፈሩት ውርጭን ነው። የኅዳርና የታኅሣሥ ሌሊት ላስቲክ ያልተሠራለትን ቲማቲም ከነፍሬው ይወስደዋል።

«የጠቆሩትስ?» አሉኝ እማማ። አይድኑም። ይቀጠፉና ተክሉ ጉልበቱን ለሚመጣው ዘለላ ያድርግ። የጠቆረውን ቆርጦ ቀሪውን ወጥ ውስጥ መጨመር ይቻላል። ውስጡ ከሻገተ ወይም ከሸተተ ግን ይጣላል። አብረን አሥራ አንድ ፍሬ ለቀምን። ሰባቱ ለወጥ ተረፉ፣ አራቱ ኮምፖስት ጉድጓድ ገቡ። ቅርፊቱንም ለቅመን ወደዚያው ጨመርነው፤ እዚያ ለመበስበስ ብዙ ጊዜ አለው።