ነፋስን የዘራ ዐውሎ ነፋስን ያጭዳል

አባባሉ የመጣው ከነቢዩ ሆሴዕ ነው። ምዕራፍ 8 ቁጥር 7 ላይ ስለ እስራኤል ሲናገር «ነፋስን ዘርተዋል፥ ዐውሎ ነፋስንም ያጭዳሉ» ይላል። ብዙዎቻችን «የዘሩትን ማጨድ» ከሚለው ጋር አንድ እናደርገዋለን። ይሄኛው ግን ይከብዳል። ጥፋት እንደ ብድር ከነወለዱ ይመለሳል ነው የሚለው። ልጅ ሳያጠና ፈተና ቢወድቅ የዘራውን አጨደ እንላለን፤ ዐውሎ መጥራት አያስፈልግም።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ቃሉን የእንግሊዙ የጦር አዛዥ አርተር ሃሪስ አነሳው። በ1940 (እ.ኤ.አ.) መጨረሻ፣ ለንደን በጀርመን ቦምብ ስትነድ ከጣሪያ ላይ ሆኖ እያየ «ነፋስ እየዘሩ ነው» ማለቱን ራሱ ጽፏል። በ1942 የቦምብ ጣይ አውሮፕላኖች አዛዥ ሆነ። ያን ጊዜ ጀርመን የደበደበቻቸውን ሮተርዳምን፣ ለንደንንና ዋርሶን ጠቅሶ፣ ናዚዎች ነፋስ ዘርተዋል፣ አሁን ዐውሎውን ያጭዳሉ ሲል ተናገረ።

በባሕሩ በኩልም ዘሩ ቀደም ብሎ ነው የወደቀው። እንግሊዝ ጦርነት ባወጀችበት ዕለት፣ ሴፕቴምበር 3 ቀን 1939፣ የጀርመን ሰርጓጅ መርከብ አቴኒያ የተባለችውን የመንገደኞች መርከብ መታ። ከዚያ በኋላ ለዓመታት የእንግሊዝን ስንቅ የጫኑ መርከቦች በአትላንቲክ ሰጠሙ። በሜይ 1943 ግን ነገሩ ተገለበጠ። ራዳር የያዙ አውሮፕላኖችና አጃቢ መርከቦች በዚያ አንድ ወር ብቻ 40 ያህል ሰርጓጆችን አጠፉ። የጀርመን ሰርጓጆች አዛዥ ካርል ዶኒትዝ የቀሩትን ከሰሜን አትላንቲክ አስወጣ። በዚያው ወር ከሰጠሙት በአንዱ ውስጥ የገዛ ልጁ ፒተር ነበረ። እዚህ ላይ አጫጁ ራሱ ዘሪው ነው፤ አባባሉ ልክ ገጠመ።

የጀርመኗ ከተማ ሃምቡርግ ላይ ግን አልገጠመም። ከተማዋ ሰርጓጅ መርከብ የሚሠራባት ወደብ ነበረች። ጁላይ 27 ለ28 አጥቢያ 1943 ከ700 በላይ የእንግሊዝ አውሮፕላኖች ደበደቧት። ወቅቱ ደረቅና ሞቃት ነበር። እሳቱ ተያይዞ አየሩን ወደ ላይ ሲስበው፣ ከዙሪያው የሚገባው ነፋስ ዛፍ የሚነቅል ማዕበል ሆነ። የሆሴዕ ዐውሎ ቃል በቃል መጣ ማለት ነው። ምድር ቤት የተሸሸጉት ታፍነው አለቁ። በዚያ ሰሞን ድብደባ ከ30,000 በላይ ሰው ሞቷል፤ ብዙዎቹ ሴቶች፣ ሽማግሌዎችና ሕፃናት ናቸው። ለንደንን ደብድቡ ብለው ያዘዙት ሌላ ቦታ ነበሩ። አባባሉን ለበቀል የሚጠቅስ ሰው ይቺን ነገር ይዘላታል፦ ማን እንደሚዘራ እንጂ ዐውሎው ማንን እንደሚመታ መምረጥ አይቻልም።

ሃሪስም የተናገረው ስለ ጠላት ብቻ ነበር። በጦርነቱ ዘመን በእንግሊዝ ቦምብ ጣዮች ከበረሩት 125,000 ያህል ሰዎች ውስጥ ግን 55,573ቱ ሞተዋል።